ያውቁ ኖሯል? ፍቅር በአጥር ቀዳዳ

እ.ኤ.አ. በ1920 በተሠራው «ኔበርስ» በተሰኘው ድምፅ አልባ አጭር ኮሜዲ፣ ተዋናዮቹ በስተር ኪተንና ቨርጂኒያ ፎክስ ግቢያቸውን በሚለየው የእንጨት አጥር ቀዳዳ የፍቅር ደብዳቤ ይቀባበላሉ። ወላጆቻቸው ግን ዓይንና ናጫ ናቸው።

የበስተርን አባት ሆኖ የሚተውነው የገዛ አባቱ ጆ ኪተን ነው! አባትና ልጅ መድረክ የተጋሩት በስተር ገና ሕፃን ሳለ ነበር። ጆ ልጁን አንሥቶ ሲወረውረው ተመልካች በሳቅ ይፈርስ ነበር፤ በስተርም ሳይጎዳ መውደቅን የተማረው እዚያው ነው።

በፊልሙ እጅግ የሚደንቀው በስተርና ልጅቷ ለመጋባት የሚኮበልሉበት ትዕይንት ነው። ሁለት ሰዎች አንዱ በሌላው ትከሻ ላይ ይቆማሉ፤ በስተር ከሁለቱም በላይ ይወጣል። እንደተደራረቡ ግቢውን ተሻግረው ልጅቷን ከላይኛው ፎቅ መስኮት ይዘዋት ይሄዳሉ። እንዲህ ያለውን ትርዒት ዛሬም ደፍሮ የሚሞክር ተዋናይ ጥቂት ነው።