ስማርት አምፖል ለደጋ ቤት

አምፖል መግዛት ድሮ አንድ ጥያቄ ብቻ ነበረው፦ ባለ ስንት ሻማ? አርባ፣ ስልሳ ወይም መቶ ብሎ የመለሰ ደንበኛ ዕቃውን ይዞ ይሄዳል። ዛሬ ጎንደር ፒያሳም ሆነ ቅዳሜ ገበያ የኤሌክትሪክ ዕቃ የሚጠይቅ ሰው ምርጫው በዝቶበታል። በስልክ የሚታዘዝ አለ፤ ቀለም የሚቀያይር አለ፤ ሰው ሲያልፍ የሚበራ፣ ሲመሽ ራሱን የሚያበራ፣ መብራት ሲሄድ ደግሞ በሆዱ በያዘው ባትሪ የሚቀጥልም አለ። ሁሉም «ስማርት» ይባላሉ፤ ሥራቸውም ዋጋቸውም ግን ለየቅል ነው።

ከተማ ላለ ሰው ይህ ብዙም አያሳስብም፤ ያልሆነለትን በማግስቱ መልሶ ይቀይራል። ከጎንደር መቶ ኪሎ ሜትር ገደማ ተጉዞ ደባርቅ፣ ከዚያም የስሜንን ተራራ ተሻግሮ የጃናሞራ ወረዳ ዋና ከተማ መካነ ብርሃን ለሚገባ ሰው ግን ለአንድ አምፖል ብሎ ያንን መንገድ መድገም የማይታሰብ ነው። ስለዚህ እያንዳንዱ ምን እንደሚሠራ ብቻ ሳይሆን ለመሥራት ምን እንደሚፈልግም አስቀድሞ ማወቅ ይበጃል።

በስልክ የሚታዘዘው

ይህ አምፖል ውስጡ ሁለት ክፍል አለው። አንደኛው ብርሃን ሰጪው ኤልኢዲ ነው። ነጭ ሆኖ የሚታየን ብርሃን መነሻው ሰማያዊ ነው፤ በላዩ የተቀባው ቢጫ ዱቄት ነው ነጭ የሚያስመስለው። ሰማያዊውን ኤልኢዲ ለፍሬ ያበቁት ኢሳሙ አካሳኪ፣ ሂሮሺ አማኖና ሹጂ ናካሙራ እ.ኤ.አ. በ2014 የፊዚክስ ኖቤል ሽልማት ተጋርተዋል።

ሁለተኛው ከጥፍር ብዙም የማትበልጥ ቺፕ ናት። ቺፗ በ2.4 ጊጋኸርዝ ዋይፋይ ከቤቱ ራውተር ጋር ትገናኛለች። በርካሾቹ ላይ ስልኩ «አብራ» ሲባል ትእዛዙ ብዙውን ጊዜ በቀጥታ ወደ አምፖሉ አይሄድም፤ በኢንተርኔት ባሕር ማዶ ወዳለ ሰርቨር ደርሶ፣ ተመልሶ በራውተሩ በኩል ይገባል። ፊሊፕስ እ.ኤ.አ. በ2012 ለገበያ ያቀረበው «ሂው» ግን ዚግቢ በሚባል ሌላ የሬዲዮ ዘዴ፣ ቤት ውስጥ በምትቀመጥ ሳጥን በኩል ስለሚሠራ ኢንተርኔት ቢቋረጥም ቤቱ ውስጥ ይታዘዛል። ሳጥኗ ለብቻዋ የምትገዛ ስለሆነች በጀት ለሚቆጥር ሰው አትሆንም። በብሉቱዝ የሚሠራው ራውተርም ኢንተርኔትም ሳይጠይቅ፣ ስልኩ ቅርብ እስካለ ድረስ ያገለግላል።

እንግዲህ የዋይፋዩ አምፖል መብራትና ኔትወርክ አንድ ላይ ካላገኘ ሥራው ይጎድላል። መብራት ሲሄድ ራውተሩም አብሮ ይሄዳል። የአማራ ክልል ነዋሪ ደግሞ በ2015 ዓ.ም. ማብቂያ ላይ የሞባይል ኢንተርኔት ተቋርጦ ለወራት መቆየቱን አይዘነጋውም። እንዲህ ባለ ጊዜ በሰርቨር በኩል ብቻ የሚታዘዝ አምፖል በግድግዳው ማብሪያ ማጥፊያ የሚበራ ተራ አምፖል ሆኖ ይቀራል።

ማብሪያ ማጥፊያውም የራሱ ጣጣ አለው። አምፖሉ የስልኩን ትእዛዝ እንዲሰማ ማብሪያው ቀን ከሌት እንደበራ መቆየት አለበት። ልማድ ሆኖበት ከክፍሉ ሲወጣ ቀጭ የሚያደርግ አንድ ሰው ካለ ስልኩ አምፖሉን አያገኘውም።

ከሁሉም ይልቅ ግን ቀረብ ብሎ ማየት የሚገባው መብራት ሄድ መጣ ሲል የሚሆነውን ነው። ብዙዎቹ ርካሽ የዋይፋይ አምፖሎች ከአዲስ ስልክ ጋር የሚተዋወቁት ማብሪያው በተከታታይ ሦስት ጊዜ ያህል ጠፍቶ ሲበራ ነው፤ ያኔ የሚያውቁትን ዋይፋይ ረስተው ብልጭ ድርግም ማለት ይጀምራሉ። ነፋስ በበረታበት ምሽት መስመሩ ተነካክቶ መብራት ደጋግሞ ሲቋረጥ፣ አምፖሉ ይህን የባለቤቱ እጅ አድርጎ ቆጥሮት እንደ አዲስ ሊጀምር ይችላል። ሌላው ችግር ሌሊት ነው። ብዙዎቹ ከፋብሪካ ሲወጡ ኃይል ባገኙ ቁጥር እንዲበሩ ሆነው ስለሚወጡ፣ ሌሊት ዘጠኝ ሰዓት መብራት ሲመለስ በስልክ ጠፍቶ የነበረው መኝታ ቤት ቦግ ይላል። ስለዚህ የሚገዛ ሰው መተግበሪያው ላይ አምፖሉ ከመቋረጡ በፊት በነበረበት ሁኔታ እንዲመለስ የሚያደርግ ምርጫ መኖሩን ይጠይቅ።

ኔትወርክ የማይጠይቁት

ለደጋ ቤት ይበልጥ የሚስማማው ብልሃት ከኢንተርኔት ጋር ግንኙነት የሌለው ነው። ባትሪ ያለው አምፖል መብራት ሲኖር እየበራ ይሞላል፤ ሲቋረጥ በራሱ ይቀጥላል። ግን መብራት ሄዶ ይሁን ሰው አጥፍቶት በምን ያውቃል? ሰው ሲያጠፋው ሽቦው ማብሪያው ላይ ይቆረጣል። መብራት ሲሄድ ግን ማብሪያው እንደበራ ስለሚቆይ ሽቦው ቤት ውስጥ በተሰኩት ሌሎች ዕቃዎች በኩል እንደተያያዘ ነው። አምፖሉ በጣም አነስተኛ ኤሌክትሪክ ወደ መስመሩ ይልካል፤ ዞሮ ከተመለሰለት «መብራት ነው የሄደው» ብሎ ይበራል፤ ካልተመለሰለት ዝም ይላል። ሻጩ አምፖሉን ይዞ የታችኛውን ጫፍና ጥምዙን በጣቶቹ ሲነካ ቦግ የሚለውም ለዚሁ ነው፤ የሻጩ እጅ የመስመሩን ቦታ ይተካለታል።

ካርቶኑ ላይ ያለው ተስፋ ግን በሒሳብ መፈተሽ አለበት። ሻጩ «ይቺ መብራት ጠፍቶ አራት ሰዓት ትሄዳለች፣ እትዬ» ሲል፣ «ባትሪዋ ስንት ሚሊአምፔር ሰዓት ነው፣ ልጄ?» ብሎ መጠየቅ ነው። መልሱ 1,200 ከሆነ፣ በ3.7 ቮልት ሲባዛ 4.4 ዋት ሰዓት ብቻ ይሆናል። በ9 ዋት ሙሉ ጉልበት ቢበራ ግማሽ ሰዓት አይሞላም። አራት ሰዓት የሚቆየው ወደ 1 ዋት ገደማ ዝቅ ብሎ ነው፤ ይህ ደግሞ አንድ መቶ ሉመን ያህል ብርሃን ማለት ነው። ራት ለመብላትና በቅርብ ተቀምጦ ደብተር ለማንበብ ይሆናል፤ ሳሎን አይሞላም። ሁለት ባትሪ ያለው በእጥፍ ይሻላል። ባትሪው ተፈትቶ የሚወጣና 18650 የሚል ቁጥር ያለው ከሆነ ደግሞ ሲደክም እሱን ብቻ መቀየር ይቻላል፤ ቁጥሩ የሚነግረው ባትሪው 18 ሚሊ ሜትር ውፍረትና 65 ሚሊ ሜትር ርዝመት እንዳለው ነው።

ብርድም ይታሰብ። የሊቲየም ባትሪ ከዜሮ ዲግሪ በታች መሞላት ይጎዳዋል፤ የስሜን ከፍታ ላይ ደግሞ ሌሊት ውርጭ የሚጥልበት ጊዜ አለ። ስለዚህ ባትሪ ያለው አምፖል ቦታው ከጣሪያ በታች፣ ሰው ከሚያድርበት ክፍል ነው። ለበረንዳና ለግቢ በር ብርሃን የሚለየው አምፖል ይበቃል፤ ውስጡ ያለው መለኪያ ሲጨልም ያበራዋል፣ ሲነጋ ያጠፋዋል። ሰው ሲንቀሳቀስ የሚበራው ደግሞ ለመጸዳጃ ቤትና ለመተላለፊያ ነው፤ ሰው ተቀምጦ በሚያነብበት ክፍል ግን ዝም ብሎ የተቀመጠውን ሰው አላየሁም ብሎ ይጠፋል። ሁለቱም ከዋይፋዩ ቀለል ያሉ ናቸው፤ ራውተርም ስልክም አይፈልጉም።

መደብር ውስጥ

ከሁሉ በፊት ዋቱን ትቶ ሉመኑን ማንበብ ነው፤ ዋት የሚበላው ኃይል፣ ሉመን የሚሰጠው ብርሃን ነው። የቀድሞው ባለ ስልሳ ሻማ 800 ሉመን ያህል ይሰጥ ነበር፤ ዛሬ ይህን 9 ዋት የሆነ ኤልኢዲ ይሰጣል። ለባለ አርባ ሻማ ምትክ 450 ሉመን፣ ለባለ መቶ 1,500 ገደማ ይፈለጋል። ቀጥሎ የብርሃኑ መልክ አለ። ካርቶኑ ላይ በኬልቪን ይጻፋል፦ 2,700 እንደ ድሮው አምፖል ቢጫ ያለበት፣ 6,500 ነጭ ሰማያዊ፣ 4,000 መሀል። ለሚያጠና ልጅ መሀለኛው ይመቻል።

ሦስተኛው ቮልቴጅ ነው። የአገራችን መስመር 220 ቮልት ይባል እንጂ ረጅም መስመር ጫፍ ላይ ያለ ቤት ሁሉም ምጣዱን በሚጥድበት ሰዓት ከዚያ በታች ያገኛል። «85–265 ቮልት» ተብሎ የተጻፈበት አምፖል «220–240» ከሚለው ይልቅ ይህን ይችላል። አራተኛው የመያዣው ዓይነት ነው፤ ቤት ያለውን አሮጌ አምፖል ይዞ መሄድ ተጠማዛዡን ሁለት ጆሮ ካለው ከመለየት ያሳርፋል።

የመጨረሻው ፈተና ገንዘብ አይጠይቅም። አምፖሉ እንዲበራ ማስደረግና የስልክን ካሜራ ከፍቶ ቀረብ አድርጎ ማየት ነው። ስክሪኑ ላይ ጥቁር መስመሮች ከተንሸራተቱ ብርሃኑ ለዓይን ሳይታይ ይንቀጠቀጣል ማለት ነው፤ ሲያነቡበት ያደክማል፤ ሌላ መምረጥ ይሻላል።

ወጪው

የዛሬ አሥራ አምስት ዓመት ገደማ የያኔው የኤሌክትሪክ ኃይል ኮርፖሬሽን በሚሊዮን የሚቆጠሩ ጠምዛዛ ኃይል ቆጣቢ አምፖሎችን ለየቤቱ ሲያድል፣ ዋናው ዓላማ ማታ ሁሉም በአንድ ጊዜ በሚያበራበት ሰዓት የሚጨናነቀውን ኃይል ማቃለል ነበር። ኤልኢዲ ያንን ሥራ ከዚያ አሻሽሎ ይሠራዋል። በቀን አራት ሰዓት የሚበራ ባለ ስልሳ ሻማ በወር 7.2 ኪሎ ዋት ሰዓት ይበላል፤ 9 ዋት ኤልኢዲ 1.1 ያህል። በዋይፋይ የሚታዘዘው ግን ጠፍቶም ትእዛዝ ስለሚጠብቅ ግማሽ ዋት ያህል መብላቱን አይተውም፤ በወር 0.3 ኪሎ ዋት ሰዓት ይጨምራል።

ታሪፉ ከመስከረም 2017 ዓ.ም. ጀምሮ በአራት ዓመት ውስጥ በየሩብ ዓመቱ ደረጃ በደረጃ እንዲጨምር የተወሰነ ነው። በወር እስከ 50 ኪሎ ዋት ሰዓት ድረስ የሚጠቀም ቤት የሚከፍለው ዋጋ ዝቅተኛው ስለሆነ፣ ከተራ ኤልኢዲ ወደ ስማርት መዛወር በሂሳብ ደብተሩ ላይ ትርፍ አያሳይም። ቁጠባው ከድሮው አምፖል ወደ ማንኛውም ኤልኢዲ ሲዛወሩ ተጠናቋል። ከዚያ በላይ የሚከፈለው ለምቾት ነው፤ ጥያቄውም ያ ምቾት የትኛውን ችግር ያቃልላል የሚለው ነው።

ስለዚህ አቅም ውስን ለሆነበት ቤት ቅደም ተከተሉ ይህን ይመስላል። መጀመሪያ በየክፍሉ ደህና ተራ ኤልኢዲ። ቀጥሎ ለሳሎንና ልጆች ለሚያጠኑበት ክፍል ባትሪ ያለው አንድ አንድ። ሦስተኛ ለግቢው በር ሲመሽ ራሱን የሚያበራ። አልጋ ላይ ሆኖ ማጥፋት የሚፈልግ ወይም እግሩ የማይታዘዘው አዛውንት ካለ በብሉቱዝ የሚሠራ ወይም በትንሽ ሪሞት የሚታዘዝ ይበቃዋል። ዋይፋዩ የሚመጣው ከእነዚህ ሁሉ በኋላ፣ ቤቱ ራውተርና አስተማማኝ ኢንተርኔት ካለው ብቻ ነው። ከየትኛውም ዓይነት ግን መጀመሪያ አንድ ብቻ ገዝቶ፣ የከተማው መብራት አንድ ወር ሲሄድና ሲመጣ እንዴት እንደሚሆን አይቶ፣ የቀረውን በሚቀጥለው ወደ ጎንደር በሚወርድ ሰው ማስመጣት ይሻላል።