ሆቢቶችም ጳጉሜን አላቸው

በልብ ወለድ ዓለም የተፈጠረ አንድ ካላንደር ስለ ራሳችን ዘመን አቆጣጠር ለልጆቻችን ምን ይነግራቸዋል?

«እማዬ፣ እኛ ለምን ሰባት ዓመት ወደ ኋላ ቀረን?»

በከተማ የሚያድግ ልጅ ይህን ጥያቄ አንድ ቀን መጠየቁ አይቀርም። የትምህርት ቤት ደብተሩ ላይ የሚጽፈው የፈረንጆቹን ቀን ነው፤ ታብሌቱም ስልኩም የሚያሳዩት እሱኑ ነው። ቤት ሲገባ ደግሞ ግድግዳው ላይ ሌላ ወር፣ ሌላ ዓመት ተሰቅሎ ያገኛል። ትልቁ ቁጥር የቀደመ፣ ትንሹ የተሸነፈ ይመስለዋል። ብዙዎቻችንም «የኛ እንዲህ ነው» ብለን እናልፈዋለን።

ጥሩ መልስ የሚገኝበት አንድ ቦታ አለ። ልጆቻችን በፊልምም በመጽሐፍም የሚያውቁት የ«ዘ ሎርድ ኦቭ ዘ ሪንግስ» ዓለም ነው።

ጨረቃዋን ያረመ ደራሲ

የዚህ ድርሰት ፈጣሪ ጄ. አር. አር. ቶልኪን የኦክስፎርድ ዩኒቨርሲቲ ፕሮፌሰር ነበር። መጽሐፉ እ.ኤ.አ. ከ1954 እስከ 1955 በሦስት ቅጽ ታትሟል። በመጨረሻው ቅጽ መዝጊያ ላይ ካሉት አባሪዎች አንዱ ሙሉ በሙሉ ስለ ዘመን አቆጣጠር ነው።

ይህን ያደረገው ለጌጥ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1944፣ መጽሐፉን ገና እየጻፈ ሳለ፣ በታሪኩ ውስጥ ጨረቃዋ የማይሆን ነገር እየሠራች እንደሆነ አስተዋለ። ገጸ ባሕርያቱ ተለያይተው ይጓዛሉ፤ ጨረቃዋ ግን በአንዱ አካባቢ ስትወጣ በዚያው ሰዓት በሌላው ትጠልቅ ነበር። የቀደሙትን ምዕራፎች ለማረም አንድ ሙሉ ከሰዓት በኋላ እንደ ፈጀበት ለልጁ በጻፈው ደብዳቤ ገልጿል። ዘንዶና ጠንቋይ ያለበትን ታሪክ አንባቢ የሚያምነው ቀኑና ሌሊቱ ሲያምኑት ነው።

አምስቱ ቀናት የት ይግቡ?

ካላንደር የሚሠራ ሰው ሁሉ አንድ ችግር ይገጥመዋል። ዓመት 365 ቀን ከሩብ ሊሞላ ጥቂት ይጎድለዋል። በ30 ሲካፈል 12 ወር ይወጣና አምስት ቀን ይተርፋል። ትርፉን ምን እናድርገው?

የጥንት ግብፃውያን አምስቱን ቀን ዓመቱ መጨረሻ ላይ ጨመሯቸው። እኛም በዚሁ መንገድ ጳጉሜን አለችን፤ ስሟም «የተጨመሩ» ከሚል የግሪክ ቃል የመጣ ነው። በየአራት ዓመቱ፣ በዘመነ ሉቃስ ማብቂያ፣ ስድስት ትሆናለች። የፈረንጆቹ ካላንደር ግን ትርፉን በወራቱ ውስጥ ስለ በተነው 28፣ 30 እና 31 ቀን ያላቸው ወሮች ተፈጠሩ።

ቶልኪን ለሆቢቶቹ የመረጠላቸው የኛን የሚመስለውን ነው። ሻየር በምትባለው አገራቸው 12ቱም ወር 30፣ 30 ቀን ነው። ትርፎቹን አምስት ቀናት ግን ለሁለት ከፈሏቸው። ሁለቱ አሮጌው ዓመት ሲወጣና አዲሱ ሲገባ የሚከበሩ ናቸው፤ ሦስቱ ደግሞ በበጋቸው እኩሌታ ላይ ይውላሉ። አራተኛው ዓመት ሲመጣ አንድ የፈንጠዝያ ቀን እዚያው መሐል ላይ ይጨመራል። ትርፍ ቀኖቹ ከየትኛውም ወር አይቆጠሩም፤ የበዓል ቀናት ናቸው።

ልደት ሁልጊዜ ሐሙስ

በዓመት ውስጥ 52 ሳምንትና አንድ ቀን አለ። ዘንድሮ ሰኞ የዋለ ልደት በሚቀጥለው ዓመት ማክሰኞ የሚሆነው በዚያች አንድ ቀን ምክንያት ነው፤ መሐል ላይ ጳጉሜን ስድስት ከሆነች ደግሞ ሁለት ቀን ይዘላል።

ሆቢቶቹ ይህንንም ፈትተውታል። የዓመቱን እኩሌታ ቀን የሳምንት ስም ነሱት፤ ሰኞም ማክሰኞም አይባልም። በአራት ዓመት አንዴ የሚጨመረውም እንዲሁ ነው። ስለዚህ እያንዳንዱ ቀን በየዓመቱ ያው የሳምንት ቀን ላይ ይውላል። ቢልቦና ፍሮዶ ሁለቱም የተወለዱት ሴፕቴምበር 22 ነው፤ ልደታቸውም ሁልጊዜ ሐሙስ ነው። በነገራችን ላይ ሆቢት በልደቱ ቀን ስጦታ ይሰጣል እንጂ አይጠብቅም!

የእውነቱ ዓለም ግን ሁልጊዜ እንዲህ እሺ አይልም። የፈረንሳይ አብዮተኞች እ.ኤ.አ. በ1793 አዲስ ካላንደር አወጡ። ወሮቹ 30፣ 30 ቀን ነበሩ፤ ትርፎቹም ዓመቱ መጨረሻ ላይ ይመጡ ነበር። ሳምንቱን ግን አሥር ቀን አደረጉት። ዋናው የዕረፍት ቀን ከሰባት ቀን አንዴ መሆኑ ቀርቶ ከአሥር ቀን አንዴ ሆነ። ሕዝቡ አልወደደውም፤ ናፖሊዮንም እ.ኤ.አ. ከጃንዋሪ 1 ቀን 1806 ጀምሮ አስቀረው።

አንድ ብሎ መጀመር

ወደ ልጁ ጥያቄ እንመለስ። ሆቢቶች ዘመናቸውን የሚቆጥሩት አባቶቻቸው ብራንዲዋይን የተባለውን ወንዝ ተሻግረው ሻየር ከገቡበት ዓመት ነው። በነገሥታቱ አቆጣጠር ያ ዓመት 1601 ነበር፤ ለሆቢቶቹ ግን 1 ነው። ቢልቦ 111ኛ ልደቱን ያከበረበት ዓመት ለነሱ 1401፣ ለነገሥታቱ 3001 ነው። የ1600 ዓመት ልዩነት! ሆኖም ፀሐይ ለሁለቱም እኩል ወጥታ ትጠልቃለች፤ የቀደመም የቀረም የለም።

የኛም ነገር እንደዚሁ ነው። የሰባትና የስምንት ዓመቱ ልዩነት የመጣው የጥንት ሊቃውንት የክርስቶስን ልደት ዓመት ያሰሉበት መንገድ ስለተለያየ ነው። ቁጥሩ የሚናገረው መነሻችንን እንጂ የደረስንበትን አይደለም።

ከልጅዎ ጋር ይሞክሩት

አንድ ቅዳሜ ከሰዓት ይበቃል። ወረቀትና ቀለም አዘጋጁና የራሳችሁን ዓለም ካላንደር ሥሩ።

በመጀመሪያ ሰማዩን ይወስን። ዓመቱ ስንት ቀን ነው? ጨረቃዋስ በስንት ቀን ትሞላለች?

ቀጥሎ ያካፍል። የተረፈውን ቀን የት እንደሚያስገባ ራሱ ይምረጥ። የሒሳብ ትምህርት እንደሆነ ሳያውቀው ሠርቶት ይጨርሳል።

ለወሮቹ ከሥራ ወይም ከአየሩ ስም ያውጣ። ቶልኪን የወር ስሞቹን የወሰደው ከጥንታዊ እንግሊዝኛ ነው፤ ከነዚህ አንዱ ላሞች በቀን ሦስት ጊዜ ከሚታለቡበት ወር የመጣ ነው።

በመጨረሻ ዓመት አንድ ከየት እንደሚጀምር ይንገርዎ። አያት ከገጠር አዲስ አበባ የገቡበት ቀን ሊሆን ይችላል፤ ታናሽ እህት የተወለደችበትም ሊሆን ይችላል። እዚህ ላይ አይቸኩሉ። ልጅዎ የሚመርጠው ቀን ቤተሰቡ ምን ማስታወስ እንዳለበት የሚያስበውን ይነግርዎታል።

ሲያልቅ ከግድግዳው ካላንደር አጠገብ ስቀሉትና ጳጉሜን ላይ ጣቱን እንዲያሳርፍ ያድርጉ። እሱ ቅዳሜ ከሰዓት ሲታገለው የዋለውን ጥያቄ አባቶቹ እንዴት እንደመለሱት ያያል።