አውሮፕላን ሳይጥሉ አውሮፕላንን መመከት

ስለ አየር መከላከያ ሲወራ ብዙዎቻችን በዓይነ ሕሊናችን የምናየው ሽቅብ የተቀሰረ አፈሙዝና ጭስ እየጎተተ የሚወድቅ አውሮፕላን ነው። የፀረ አውሮፕላን መሣሪያ ታሪክ ግን ወደ ሌላ ድምዳሜ ይወስደናል። የመሣሪያው ትልቁ ጥቅም ሁልጊዜም አብራሪውን ከፍ ብሎ እንዲበር፣ ተጣድፎ እንዲጥልና ዒላማውን እንዲስት ማስገደዱ ነው፤ ወድቆ የሚገኘው አውሮፕላን ከዚህ ቀጥሎ የሚመጣ ትርፍ ነው። ይህን ከተቀበልን፣ በጣሊያን ወረራ ዘመን በመንዝ፣ በግሼና በመርሐቤቴ ደጋ የተዋጉት አርበኞች ፀረ አውሮፕላን መድፍ ሳይኖራቸውም የአየር መከላከያ ነበራቸው ብሎ መከራከር ይቻላል። ያ መከላከያ የት ላይ እንደተሰበረም በግልጽ ይታያል።

ነገሩን ከስሌቱ እንጀምር። በሰዓት 200 ኪሎ ሜትር የሚበር አውሮፕላን በአንዲት ሰከንድ 55 ሜትር ያህል ይጓዛል። ጥይቱ እሱ ዘንድ ለመድረስ ሁለት ሰከንድ ከፈጀበት፣ ተኳሹ ማነጣጠር ያለበት ከአውሮፕላኑ ፊት 110 ሜትር ርቆ በሚገኝ ባዶ ሰማይ ላይ ነው። በዚያች ሁለት ሰከንድ ውስጥ አብራሪው ጥቂት ከታጠፈ ጥይቱ ባከነ። እ.ኤ.አ. በ1870 ፕሩሲያኖች ከተከበበችው ፓሪስ የሚያመልጡ ፊኛዎችን ለመምታት ከክሩፕ ፋብሪካ በጋሪ የሚጎተት ቀላል መድፍ ሲያሠሩ ችግሩ ገና ይህን ያህል አልከበደም ነበር፤ ፊኛ ነፋስ ወደ ወሰደው ነውና የሚሄደው። እ.ኤ.አ. በ1911 ጣሊያኖች ሊቢያ ላይ ከአውሮፕላን ቦምብ መጣል ጀመሩ። ከአራት ዓመት በኋላ ሰርቢያዊው ወታደር ራዶዬ ልዩቶቫትስ በክራጉዬቫትስ ከተማ አንድ የጠላት አውሮፕላን በመድፍ መትቶ ጣለ፤ እንዲህ ያለው ምት ግን ብርቅ ነበር። እ.ኤ.አ. በመስከረም 1940 ለንደን ሌሊት ሌሊት ስትደበደብ እንኳ እንግሊዞች አንድ አውሮፕላን ለመጣል በአማካይ ወደ 20,000 የሚጠጋ የመድፍ ጥይት ይተኩሱ ነበር። ራዳር ከመድፉ ጋር እየተቀናጀ ሲሄድ ይህ ቁጥር በጥቂት ወራት ውስጥ በብዙ እጥፍ ቀነሰ። ለውጡን በዋናነት ያመጣው ቀድሞ ማየት መቻሉ ነበር።

ኢትዮጵያ በ1928 ዓ.ም. ስትወረር ለአየር መከላከያ የነበራት ስዊዘርላንድ ሠራሽ የሆነው ባለ 20 ሚሊ ሜትር ኦርሊኮን ነበር፤ ያውም በጣት የሚቆጠር። ኅዳር 26 ቀን የጣሊያን አውሮፕላኖች ደሴን ሲደበድቡ ንጉሠ ነገሥቱ ራሳቸው መትረየስ ይዘው ተኩሰዋል። የሚደነቅ ጀግንነት ነው፤ ከተማይቱን ግን አላዳነም። እዚህ ላይ ብዙ ጊዜ የሚሰማ ቁጭት አለ፤ የመሣሪያ ማዕቀብ ባይደረግብንና ኦርሊኮኑ በብዛት ቢኖረን ኖሮ የጦርነቱ ውጤት ይለወጥ ነበር የሚል። ማዕቀቡ ተወራሪውን ከወራሪው እኩል የቀጣ ግፍ መሆኑ አያከራክርም። ሆኖም ጣሊያኖች ከታኅሣሥ ወር ጀምሮ የጣሉትን ነገር ማየት ያስፈልጋል። ሲ 500 ቲ የሚባለው ቦምብ ከ200 ኪሎ በላይ የሰናፍጭ ጋዝ ይይዛል፤ የሚፈነዳውም መሬት ሳይደርስ አየር ላይ ሆኖ መርዙን እንደ ካፊያ እየረጨ ነው። የመድፍ ጥቅም አብራሪውን ማሳሳት ከሆነ፣ ሰፊ ሜዳ ለሚያለብስ መርዝ መሳሳት ምን ጉዳት አለው? ጥቂት ኦርሊኮን ቢጨመር ማይጨው ላይ የተሰበሰበውን፣ ኋላም በአሸንጌ ሐይቅ ዳር ሲያፈገፍግ በቦምብና በጋዝ የተደበደበውን ሠራዊት ባላዳነው ነበር። ጃንሆይ ከጦርነቱ በፊት ባስተላለፉት መመሪያ ድንኳን በዋሻና በዛፍ ጥግ፣ ክፍል በክፍል ተለያይቶ እንዲተከል አዘው ነበር። ትክክለኛው መከላከያ ያ ነበር፤ ብዙ ሺህ ሕዝብ ይዞ በሚዘምት ጦር ዘንድ ግን ሊፈጸም አልቻለም።

የሸዋ አርበኞች የፈጸሙት ይህንኑ ነው። ከወረራው በፊት የአዲስ አበባ ፖሊስ አዛዥ የነበሩት ራስ አበበ አረጋይና ሌሎች የሸዋ አርበኞች በትናንሽ ጭፍራ ተከፋፍለው ከቦታ ቦታ ይዘዋወሩ ነበር። አገሩም አገዛቸው። የመንዙ ጓሳ ከባሕር ወለል በላይ ከ3,200 እስከ 3,700 ሜትር ከፍታ አለው። ካፕሮኒ 133 የተባለው የጣሊያን ቦምብ ጣይ ደግሞ ሊወጣ የሚችለው እስከ 5,500 ሜትር አካባቢ ነበር። ቆላ ላይ ከጠመንጃ ርቆ የሚበረው አውሮፕላን እዚህ ደጋ ላይ ሲደርስ ከመሬቱ ብዙ አይርቅም፤ ጭነት ይዞ በስስ አየር ውስጥ ሲበር ደግሞ ጉልበቱ ይቀንሳል። በወንጭትና በጀማ ሸለቆዎች ውስጥ ዝቅ ብሎ ሰው የሚፈልግ አብራሪ፣ አፋፉ ላይ የተቀመጠ ተኳሽ ቁልቁል ሊያየው ይችላል። ተኳሹ አውሮፕላኑን ባይጥለውም እንኳ አብራሪው ተረጋግቶ መቃኘት አይችልም።

ይሁንና የዚህ መከላከያ ደካማ ጎን መንዝ ውስጥ በዘረት፣ አመፀኛ ዋሻ በሚባለው ስፍራ በአሰቃቂ ሁኔታ ተገለጠ። በ1931 ዓ.ም. የጣሊያን ጦር ሲያሳድዳቸው የአርበኛው ተሾመ ሸንቁጥ ተከታዮች ቤተሰባቸውን ይዘው ዋሻው ገቡ። ኋላ ስፍራውን ያጠኑ አርኪኦሎጂስቶች ጎተራ፣ ቅርጫት፣ ወፍጮ፣ የሸክላ ዕቃና የከብት አጥንት አግኝተዋል፤ የገባው ተዋጊ ብቻ ሳይሆን እህሉን የያዘ፣ ከብቱን የነዳ ሕዝብ ነበር። ከላይ ያለው ዐለት ቦምብ አይነካውም፤ ስለዚህ አውሮፕላን እዚህ ምንም ማድረግ አልቻለም። ጣሊያኖች ያደረጉትን ከሮም ቤተ መዛግብት ያገኘው የታሪክ ተመራማሪው ማቴዮ ዶሚኒዮኒ ነው። ከአየር ሊጣል ከተሠራው ሲ 500 ቲ ቦምብ የሰናፍጭ ጋዙን ቀዱት፤ በትናንሽ በርሜሎች ሞልተው ከገደሉ አናት በገመድ ወደ ዋሻው አፍ አወረዱና አፈነዱት። በመድፍም መርዘኛ ጥይት ተኮሱ። ይህ የሆነው ከሚያዝያ 1 ቀን ጀምሮ ነው፤ የዚያ ዓመት ፋሲካ የዋለው በዚያው ዕለት ነበር። ተሾመ ከጥቂቶች ጋር በሌሊት ከበባውን ጥሰው ወጡ። እጃቸውን ከሰጡት መካከል በመቶዎች የሚቆጠሩ ወንዶች በጥይት ተረሸኑ። አውሮፕላን ያቃተውን እግረኛ ጨረሰው፤ የቻለውም አርበኛው ከመዘዋወር ይልቅ አንድ ቦታ ላይ ስለረጋ ነው። እህልና ልጆች ይዞ መዘዋወር እንደማይቻል የሚያውቅ ሰው ግን በውሳኔው ሊፈርድባቸው አይገባም።

ይህ መደበቅ እንጂ የአየር መከላከያ አይደለም የሚል ይኖራል። ከጎተራና ከዛፍ ጥግ ጋር ሲያያዝ ቃሉ የተጋነነ ሊመስል ይችላል፤ የጦር ትምህርት ቤቶች ግን መደበቅን፣ መበታተንንና ምሽግን ከመድፉ እኩል የአየር መከላከያ አካል አድርገው ነው የሚያስተምሩት። እ.ኤ.አ. በ1999 ኔቶ ዩጎዝላቪያን ለ78 ቀናት ሲደበድብ የሰርቦች ጦር ታንኮቹን ደብቆ፣ የውሸት ታንክ ሠርቶ አብዛኛውን ኃይሉን አተረፈ። ራዳር አያየውም የተባለውን ኤፍ 117 አውሮፕላን የጣለውም አሮጌ የሶቪየት ሚሳኤል የታጠቀ ክፍል ነው። ይህ ክፍል ራዳሩን ለአጭር ጊዜ ብቻ ያበራና ዕቃውን ጠቅልሎ ቦታ ይቀይር ነበር። መሣሪያ አያስፈልግም ማለት አይደለም። የማይንቀሳቀስና ቀድሞ የማያይ መሣሪያ ግን ራሱ ዒላማ ይሆናል፤ በራሳችን ጦርነቶች ሽቅብ ሊተኮስ የተሠራው ዙ 23 አግድም ለእግረኛ ሲተኮስ የኖረውም ያለ ራዳርና ያለ መረጃ ሰማይ ላይ ብዙ ስለማይሠራ ጭምር ይመስለኛል።

የጣሊያን አየር ኃይል በምሥራቅ አፍሪካ እንዴት እንዳበቃለትም ማስታወስ ይገባል። ሙሶሊኒ በሰኔ 1932 ዓ.ም. ከእንግሊዝ ጋር ጦርነት ሲገጥም የስዊዝ መንገድ ተዘጋበት፤ ነዳጅና መለዋወጫ በባሕር መምጣቱ ቆመ። ከዚያ የእንግሊዝና የደቡብ አፍሪካ አውሮፕላኖች ከጣሊያን አውሮፕላኖች ብዙዎቹን አየር ላይና መሬት ላይ እንዳረፉ አቃጠሏቸው። በ1933 ዓ.ም. የራስ አበበ አርበኞች አዲስ አበባ ሲገቡ መንዝን ሲያስጨንቁ ከኖሩት ካፕሮኒዎች አብዛኞቹ ከእንግዲህ መብረር አይችሉም ነበር።