በቃሉ የሚመራው አርቱሮ ቶስካኒኒ

በድጓ ቤት ያደገ አንባቢያችን፥ ዜማን በቃል መያዝ ምን ያህል ድካም እንደሚጠይቅ ያውቃልና፥ የኢጣልያዊው የአርቱሮ ቶስካኒኒ ታሪክ እንግዳ አይሆንበትም። ዘመኑን በአውሮፓውያን አቈጣጠር እንጽፋለን።

ቶስካኒኒ በ1867 ዓ.ም. በፓርማ ከተማ ከልብስ ሰፊ ቤት ተወለደ። በዚያው ከተማ የሙዚቃ ትምህርት ቤት ገብቶ ቼሎ የሚባለውን፥ በጕልበት መካከል ተይዞ እንደ ማሲንቆ በደጋን የሚመታውን ባለ አራት አውታር መሣሪያ ተማረ። ዓይኑ ከሩቅ አያይም ነበርና የኖታውን መጽሐፍ በቃሉ ማጥናት ለመደ።

በ1886 ዓ.ም. በቼሎ መቺነት ከአንድ የኦፔራ ጓድ ጋር ወደ ብራዚል ሄደ። በሪዮ ዴ ጃኔሮ የቬርዲ «አይዳ» በሚታይበት ምሽት የጓዱ መሪ አስቀድሞ ሥራውን ትቶ ነበር፤ በምትኩ የቆመውንም ሕዝቡ በጩኸት አባረረው። ያን ጊዜ ጓደኞቹ የ19 ዓመቱን ወጣት ከመቀመጫው አስነሥተው በትሩን አስያዙት። እርሱም መጽሐፉን ዘግቶ ድርሰቱን እስከ ፍጻሜው በቃሉ መራ። አይዳ በግብፅ የተማረከች የኢትዮጵያ ንጉሥ ልጅ ናት፤ ይህን ማስታወስ ለእኛ ደስ ያሰኛል።

ከዚያ በኋላ በሚላኖና በኒው ዮርክ ታላላቅ ቲያትሮች መሪ ሆነ። ቍጡ ነበረ፤ በልምምድ ጊዜ በትር እየሰበረ ሙዚቀኞቹን ይሰድብ ነበር፤ ይህን ጠባዩን አናመሰግንም። በ1919 ዓ.ም. ከሙሶሊኒ ጋር በአንድ የምርጫ ዝርዝር ገብቶ እንደ ነበረም መሰወር አይገባም። ነገር ግን የዚያን ሰው መንገድ ባየ ጊዜ ፈጽሞ ተለየው። በሜይ 14 ቀን 1931 ዓ.ም. በቦሎኛ የፋሺስቶችን መዝሙር አላሰማም ስላለ በቲያትሩ ደጅ ፊቱን በጥፊ መቱት፤ ሙዚቃውም ሳይሰማ ቀረ። ከአራት ዓመት በኋላ፥ በእኛ በ1928 ዓ.ም.፥ በአገራችን ላይ የዘመተው ይኸው መንግሥት ነው።

ቶስካኒኒም ፋሺስት በሚገዛት ኢጣልያ ዳግመኛ ሙዚቃ አልመራም። ኤን.ቢ.ሲ. የተባለው የአሜሪካ ራዲዮ ስለ እርሱ ብሎ ኦርኬስትራ አቋቋመ፤ ቶስካኒኒም በዲሴምበር 25 ቀን 1937 ዓ.ም. ከኒው ዮርክ ከዚህ ኦርኬስትራ ጋር ለመጀመሪያ ጊዜ ሙዚቃ በአየር አሰማ። ቲያትር ገብቶ የማያውቅ ገበሬና ሠራተኛ የቤቶቨንን ድርሰት ከቤቱ ሳይወጣ ሰማ። ይህም ለ17 ዓመታት ያህል ቀጠለ።

በኤፕሪል 4 ቀን 1954 ዓ.ም. የ87 ዓመት ሽማግሌ ሆኖ ሲመራ ሙዚቃው በራዲዮ እየተሰማ ሳለ ያ ቃል የማይጠፋው አእምሮ ለጥቂት ጊዜ ከዳው። የራዲዮው ሰዎች ደንግጠው ሌላ ድርሰት ከሸክላ አሰሙ። እርሱ ግን ተመልሶ የምሽቱን ሥራ ፈጸመ፤ ከዚያ ወዲያ በሕዝብ ፊት በትር አልያዘም። በጃንዋሪ 16 ቀን 1957 ዓ.ም. በኒው ዮርክ ዐረፈ፤ አስከሬኑም ወደ ሚላኖ ተወስዶ ተቀበረ።