ስለ ሰው ሠራሽ ባልንጀራ

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ፤ አሜን።

የተወደዳችሁ ምእመናን ሆይ፤ በዛሬው ዕለት የምንመለከተው ነገር ሰው ብቸኝነቱን ያርቅለት ዘንድ በእጁ ስለ ሠራው ባልንጀራ ነው።

በጃፓን አገር ሶኒ የተባለው ኩባንያ፥ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1999 ዓ.ም.፥ አይቦ የሚባል ሮቦት በውሻ አምሳል ሠርቶ ለገበያ አቀረበ። ይህ ሰው ሠራሽ ውሻ ይራመዳል፤ ጅራቱን ይቆላል፤ ሲዳብሱትም ደስ ያለው ይመስላል። በመጀመሪያ ለጃፓን ከቀረቡት 3000 ውሾች አንድም ሳይቀር በ20 ደቂቃ ውስጥ ተሸጡ። ከገዢዎቹም ብዙዎቹ ስም አውጥተውላቸው እንደ ቤተ ሰብ ያኖሯቸው ነበር። ነገር ግን ኩባንያው እነዚህን ውሾች በ2006 መሥራቱን፥ በ2014 ደግሞ መጠገኑን ተወ። ከዚህ የተነሣ የተበላሸው የሚጠገነው ከሌላው በተፈታ ዕቃ ሆነ። ከ2015 ጀምሮም ኢሱሚ በምትባል ከተማ በሚገኝ የቡድሃ ቤተ መቅደስ፥ ውሾቹ ከመፈታታቸው አስቀድሞ የስንብት ሥርዓት ይደረግላቸው ጀመር። በ2018 በአንድ ቀን ለ114 ተደርጓል።

በዚህ ልንስቅ አይገባንም፤ ኀዘኑ እውነተኛ ኀዘን ነውና። እግዚአብሔር ሰውን ብቻውን ይኖር ዘንድ አልፈጠረውም፤ ስለዚህ የሰው ልብ የሚወደውን ሰው ቢያጣ ፍቅሩን በብረት ላይ እንኳ ያፈስሳል።

ይሁን እንጂ ጉዳቱን እንመርምር። ሮቦት አይራብም፤ አይታመምም፤ አይቀየምም። ጠብ ስለሌለው ዕርቅም የለውም። ከእርሱ ጋር ብቻ መኖርን የለመደ ሰው ግን ነገረኛ ጎረቤቱንና አንዱን ወሬ አሥር ጊዜ የሚደግሙትን ሽማግሌ መታገሥ ይከብደዋል። ፍቅር የምትጸናው የሌላውን ድካም በመሸከም ነውና፥ ሸክም የሌለባት ፍቅር እየመነመነች ትሄዳለች።

መሣሪያውን በራሱ አንነቅፍም። ፓሮ የተባለው ሌላው የጃፓን ሮቦት የመርሳት ሕመም ያገኛቸውን አረጋውያን ለማረጋጋት ያገለግላል፤ ይህም መልካም ነው። ክፉ የሚሆነው እኛ ልንቀመጥበት የሚገባንን ወንበር ለመሣሪያ ለቅቀን ስንሄድ ነው።

ጌታችን በማቴዎስ ወንጌል ምዕራፍ 25 እንዳስተማረን፥ በፍርድ ቀን የምንመረመረው የታመመውን ሄደን ስለ መጠየቃችን ነው፤ በእኛ ፈንታ ዕቃ ስለ መላካችን አይደለም። እንግዲህ ይህን የምትሰሙ ሁሉ፥ ጠያቂ ያጡትን የአንድ አረጋዊ ደጅ ዛሬውኑ እናንኳኳ።

ለዚህ ያብቃን። ወስብሐት ለእግዚአብሔር፤ አሜን።