ያውቁ ኖሯል? ቢሮ የዘረፈው አባትና የዚያች ሌሊት ምሥጢር

ግርማዊ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ጥቅምት 23 ቀን 1923 ዓ.ም. ዘውድ ከመጫናቸው አራት ወር ያህል ቀደም ብሎ፣ በሩቅ ምሥራቅ በጃፓን፣ ያሱጂሮ ኦዙ የተባለው ወጣት የፊልም አዘጋጅ «የዚያች ሌሊት ሚስት» የተሰኘውን የ65 ደቂቃ ድምፅ አልባ ፊልም ለሕዝብ ማቅረቡን ያውቁ ኖሯል?

በጽኑዕ ደዌ የተያዘች ሴት ልጁን የሚያሳክምበት ገንዘብ ያጣ አንድ ሠዓሊ፣ በሌሊት ሽጉጥ ይዞ ወደ አንድ መሥሪያ ቤት ገብቶ፣ ሠራተኞቹን አስሮና ገንዘቡን ዘርፎ ሲሸሽ፣ የተሳፈረበትን ታክሲ የሚነዳው ማንነቱን የሰወረ መርማሪ ፖሊስ ሆኖ ተገኘ። ከዚያ ወዲያ ታሪኩ በአመዛኙ ሕፃኗ በተኛችባት በአንዲት ጠባብ ክፍል ይፈጸማል፤ ሚስቲቱ በአንድ እጇ የባሏን፣ በሌላው የመርማሪውን ሽጉጥ ደግና፣ ለልጇ እስኪነጋላት ድረስ ሕግን በር ላይ ልታቆም ትታገላለች። በእኔ አስተያየት የፊልሙ ልዕልና ያለው ከዚህ ላይ ነው፤ መርማሪው ርኅራኄ አድሮበት እንቅልፍ የወሰደው መስሎ የማምለጫ ዕድል ሲሰጠው፣ አባትየው ከሄደ በኋላ ተመልሶ በፈቃዱ እጁን ይሰጣልና።

በዚያ ዘመን በጃፓን ሲኒማ ቤቶች፣ ከመጋረጃው አጠገብ ቆሞ ታሪኩን በቃል የሚተርክ «ቤንሺ» የሚባል ባለሙያ ነበረ፤ ስለ ዱሮ ሲኒማ ቤቶች ካነሣን ደግሞ፣ በእኛም አገር፣ ከፒያሳ ቁልቁል ወደ ቴዎድሮስ አደባባይ ሲወርዱ በሚገኘው ሰፈር የነበረውን ቀደምት ሲኒማ ቤት ሕዝቡ «ሰይጣን ቤት» ብሎ ሰይሞት ነበር። የኦዙ ፊልም ሳይጠፋ ለዘመናችን ደርሷልና፣ አንባቢ ሆይ፣ አግኝተው ይመልከቱት።