ከናቅፋ እስከ ባድመ፦ የምሽግ ዓመታት

አያት፣ ከባቡሩ መጨረሻ ትንሽ አለፍ ብሎ ያለ አንድ ጅምር ሕንፃ የሚጠብቁት ጋሼ፣ የመሠረቱን ቁፋሮ ቆመው ሲያዩ ቆዩና "ደረት አይደርስም፤ እዚህ ውስጥ አንድ ሌሊት አታድርም" አሉኝ። ከ1991 እስከ 1997 ዛላንበሳ ግንባር ነበሩ።

የሰሜኑ ምሽግ ግን ከእሳቸው ይቀድማል። ደርግ በ1974 ቀይ ኮከብ ዘመቻን ሲከፍት መንግሥቱ ኃይለ ማርያም ራሳቸው አሥመራ ገብተው ነበር። ከ100,000 በላይ ሠራዊት ተሰልፎም ናቅፋ አልተያዘችም፤ ለኤርትራ ነፃነት የሚዋጋው ሻዕቢያ ተራራውን ቦርቡሮ ሆስፒታልና ጋራዥ ሳይቀር ከመሬት በታች አስገብቶ ነበርና። ከዚያ በኋላ ዓመታት ፊት ለፊት በመተያየት አለፉ። ሠራዊቱን የፈታው የጠላት ጥይት ብቻ ነው ብዬ አላምንም። የናደው ዕዝ አዛዥ ብርጋዴር ጄኔራል ታሪኩ ዓይኔ የካቲት 1980 በገዛ መንግሥታቸው ተረሸኑ፤ በወሩ ዕዙ አፋቤት ላይ በሦስት ቀን ፈረሰ።

ግንቦት 1990 በኢትዮጵያና ነፃ በወጣችው ኤርትራ መካከል ባድመ ላይ የተጀመረው ጦርነት ይህንኑ ምሽግ በአዲስ መሣሪያ ደገመው። የካቲት 1991 በፀሐይ ግባት ዘመቻ የባድመ መስመር ተሰበረ። በቀጣዩ ወር ጾረና ላይ ግን እግረኛና ታንክ ፊት ለፊት ወደ ምሽጉ ተነድቶ ሜዳው የተቃጠለ ብረትና አስከሬን ሆነ። እንግሊዞች በአንደኛው የዓለም ጦርነት፣ ሰኔ 1908 ሶም ላይ በአንድ ቀን 57,000 ያህል ሰው ሞቶና ቆስሎ የተማሩትን፣ እኛ ከ80 ዓመት በኋላ በራሳችን ልጆች ተማርነው። ግንቦት 1992 ምሽጉ የተዞረው በተራራ ነው፤ ላይ ሱ-27 እና ሚግ-29 ጄቶች ሲፋለሙ፣ ታች ስንቅና ጥይት በአህያ ጀርባ ይወጣ ነበር። ባሬንቱ በሳምንት ተያዘች። በሁለቱ ዓመት የሞተው ሰው ከ70,000 እስከ 100,000 ይገመታል።

ታኅሣሥ 1993 የሰላም ስምምነቱ አልጀርስ ላይ ተፈረመ። ሚያዝያ 1994 የድንበር ኮሚሽኑ ባድመን ለኤርትራ ወሰነ፤ ኢትዮጵያ ግን አልለቀቀችም። በመሃል 25 ኪሎ ሜትር ስፋት ያለው ቀጠና ተከልሎ ሰላም አስከባሪ ቢገባም በ2000 ወጣ፤ ሁለቱ ጦሮች እስከ 2010 እዚያው ተፋጠው ከረሙ። የዚህኛው ዘመን ታሪክ እምብዛም አይጻፍም፤ ጦርነት ነው እንዳይባል ዘወትር አይተኮስም ነበር፣ ሰላም ነው እንዳይባል ወታደሩ ቤቱ አልገባም።

ጋሼን ብዙ የቆፈራችሁት መቼ ነው አልኳቸው።

"ከተፈረመ በኋላ" አሉ፣ አካፋውን ከሚቆፍረው ልጅ እጅ ተቀብለው የጉድጓዱን ጠርዝ እያስተካከሉ።